ሚስተር ሆልት በሩን ይከፍታል?

ለምወድሽ እህቴ ለግሌኒስ፣

እንደምን ከርመሻል? ጉልበትሽስ ተሻለሽ? ብሪንና ልጆቹ ደህና ናቸው? የአዴሌድ ሙቀት እንቅልፍ ነሳን ብለሽ ጽፈሽልኝ ነበር፤ እኔ ደግሞ እዚህ ሮችዴል ዝናቡ አጥንቴ ድረስ ገብቷል። ካልሲዬ አልደርቅ ካለ ሦስት ቀኑ። በጤናዬ ደህና ነኝ፤ ግን ደክሞኛል ግሌኒስ፣ ተኝተው ቢነሱም የማይለቅ ድካም።

ሥራዬን ታውቂዋለሽ። ሠላሳ ዓመት ሙሉ በየቴሌቪዥን ኮሜዲው ወይ ገዳይ ነኝ ወይ ሬሳ። ሬሳ ሆኜ ተጋድሜ እንኳ ፊቴን አይቶ የሚስቅ አይጠፋም። እንጀራዬ ነውና አላማርርም። ሰው ያወቀኝ ግን በሚስተር ሆልት ነው፣ ክፍል በሚያከራየው ክፉ ሽማግሌ። ተከራይ ሲያመሽበት በሩን ቆልፎ ከውስጥ «የኛ ሰው ሁሉ ገብቷል!» ይላል። አገር በሳቅ ይፈርሳል። ትናንት የአውቶቡሱ ሹፌር ገና ሲያየኝ «አጅሬው! የኛ ሰው ሁሉ ገብቷል፣ ውረድ!» አለኝና ተሳፋሪው በሙሉ አውካካ።

ቃሉ ከየት እንደመጣ የምናውቀው አንቺና እኔ ነን። ያኔ ከዳንስ አምሽተሽ፣ በረዶ ላይ ቆመሽ ስታንኳኪ አባባ ከበሩ ጀርባ ያሉሽ ነው። በማግስቱ ሻንጣሽን ይዘሽ ወጣሽ፤ ከዚያ ወዲህ ድምፅሽን ሰምተው አያውቁም። እኔ ደረጃው ላይ ተቀምጬ እየሰማሁ ዝም አልኩ። አንሶኝ ደግሞ ቃሉን ወስጄ ሰው አሳቅሁበት። ይቅር በይኝ እህቴ። በስልክ ልነግርሽ ስንቴ ሞክሬ አልወጣ አለኝ።

ድራማውን አባባ እንዳያዩት ዘጠኝ ዓመት ስጠነቀቅ ኖርኩ። እሁድ ወደ አረጋውያን መጦሪያው ስሄድ ግን ሳሎን ቁጭ ብለው ሆልትን ሲያዩ አገኘኋቸው። ሽማግሌዎቹ ሁሉ ይንከተከታሉ፤ እሳቸው ብቻ አይስቁም። ሲያልቅ መነጽራቸውን አውልቀው፣ እንደ ድሮው በክራቫታቸው ጫፍ ቀስ ብለው ጠረጉና፣ «ሬይ፣ የዚህ ሰውዬ መጨረሻው ምንድን ነው?» አሉኝ።

የመጨረሻውን ክፍል በሚመጣው ወር እንቀርጻለን። ሆልት ብቻውን ይሞታል፤ በሩን የሚያንኳኳ አንድ ሰው አይኖርም። ቀልዱም እሱ ነው። ይህን ግን አልነገርኳቸውም።

«በሩን ይከፍታል» አልኳቸው።

«ልጅቷስ? እስካሁን ውጭ ናት?» አሉኝ።

ግሌኒስ፣ ድራማው ውስጥ ልጅ የለችም። የሆልት ተከራዮች ሁሉ ወንዶች ናቸው።

አባባ ጠዋት ጠዋት ከቁርስ በኋላ ስልኩ አጠገብ ካለው ወንበር አይነሱም፤ ቁጥሩን ከጀርባ ጽፌልሻለሁ። ደውዪ ብዬ አልጫንሽም፤ አፍ የለኝም።

ብሪንን እጁን ጨብጠሽ ሰላም በይልኝ። ኦወንን ለፈተናው አይዞህ በይው፣ ትንሿን ካሪስን ጉንጯን ሳሚልኝ። አባባ ሰላም በልልኝ አላሉኝም፤ አያውቁበትም። ያችን ጥያቄ የሳቸው ሰላምታ አድርገሽ ተቀበይልኝ።

ወንድምሽ ሬይመንድ
ሮችዴል፣ ኖቬምበር 16 ቀን 2011