ያልፈረምኩት ዕርቅ

ውድ ሐረገወይን፣

እሑድ ዕለት በስምሽ የመጣ ዕርቅ መለስኩ። ሌላ ሰው አዛብቶ ሳይነግርሽ ከእኔ ከአያትሽ ስሚው።

ሐሙስ ወልቂጤ ለችሎቱ ሄጄ ነበር። ከሥራ አሰናብተውሽ፣ አዳማ ገብተሽ የሰው ሱቅ ሒሳብ መያዝ ከጀመርሽ ወዲህ አንድም ቀጠሮ አላስቀረሁብሽም። የሰጠሽኝን ውክልና በላስቲክ ጠቅልዬ፣ መንገድ ላይ የአረቅጥን ብርድ በጋቢ ተከላክዬ እደርሳለሁ። የመሥሪያ ቤትሽ ነገረ ፈጅ ዘመድኩን ነው፤ አራተኛ ክፍል ያስተማርኩት። ቁጭ ብሎ መናገር ሲጀምር ሳላስበው "ተነስ እንጂ!" አልኩት። ተነሣ።

"ቲቸር፣ እዚህም አላመለጥኩም" አለ። ዳኛው ሳቃቸውን በመዝገቡ ሸፈኑ።

ክርክራቸው ያው ነው፤ የሥራ መደቡ የሚጠይቀው የሒሳብ አያያዝ ዲግሪ ነው፣ የአንቺ ግን የኅብረት ሥራ ሒሳብ አያያዝ ስለሆነ አይዛመድም። "ማስረጃዋን አይታችሁ፣ ፈትናችሁ ቀጠራችኋት። ዝቅ ብላ ስትሠራ የተዛመደው ትምህርት፣ ለክፍል ኃላፊነት ስትወዳደር ነው የተጣላው?" አልኳቸው። ዳኛው ለውሳኔ ቀጠሩ።

እሑድ ከቤተ ክርስቲያን ስመለስ ሽማግሌዎች ደጄ ቆመዋል፤ ጋሽ ገብረወልድ ከፊት፣ ዘመድኩን ከኋላ። እንዴት አላስገባቸው? ሻይ አቀረብኩ።

"ዘርፈሽዋል፣ ከመንግሥት ጋር ተካሶ ማን አረጀ?" አሉ ጋሽ ገብረወልድ። "መዝገብ ቤት ክፍት ቦታ አለ፤ ትምጣና ትግባ። ትምህርቷ ለሒሳብ ሥራ እንደማይሆን ትመንና ክሱ ይቅር። ውክልናው በእጅሽ ነው፤ ፈርሚላት።"

ሐረግዬ፣ ልቤ ቀድሞ ፈረመ። ዳቦ ስገዛ አሁንም ለሁለት ሰው ነው፤ ግማሹ ይደርቃል። በሩን በእግርሽ እየገፋሽ ስትገቢ ስንት ዘመን ተቆጣሁሽ! አሁን ማንም በሥርዓት ሲያንኳኳ አንቺ እንዳልሆንሽ ስለማውቅ፣ ለመክፈት እንኳ አልቸኩልም።

ዘመድኩን የዘረጋውን ወረቀትና ብዕር ተቀበልኩ። መነጽሬን አድርጌ ወረቀቱን ሳነበው፣ "ለመደቡ የሚያበቃ ትምህርት እንደሌለኝ አምኛለሁ" ይላል። በአንቺ ስም። አንቺ ለፈተና ጮክ ብለሽ ስታነቢ፣ እኔ ከአልጋዬ ሆኜ ስሕተትሽን ስጠብቅ፣ አንድም ሳላገኝ እንቅልፍ የወሰደኝን ጊዜ አስታወስኩ። ብዕሩን መለስኩለት።

"ቲቸር፣ ለናፍቆትዎ ሲሉ" አለ ዘመድኩን ቀስ ብሎ። ጎበዝ ተማሪ ነበር፤ የት እንደሚያመኝ ያውቃል።

"ለናፍቆቴ ብዬ አላዋርዳትም" አልኩት።

ጋሽ ገብረወልድ ሻያቸውን ሳይጨርሱ ባርኔጣቸውን አንሥተው ወጡ። በዚህ ዕድሜዬ ሽማግሌ ከደጄ መልሼ አላውቅም። ሰፈሩ ሰምቷል። ወይንሸት እንኳ፣ ሁልጊዜ ለእኔ የምታዳላው ጎረቤታችን፣ "እትዬ፣ ልጅ ከሚቀር ክብር ቢቀር ምን ነበረበት?" አለችኝ። ጥያቄዋን ይዤ ቤት ገባሁ። ጥያቄ ያለ መልስ ማሳደር እንደማልወድ ታውቂያለሽ።

ልንሸነፍ እንችላለን። ከተሸነፍን የመዝገብ ቤቱም ቦታ የለም፤ ያን ጊዜ ያስቀረሁሽ እኔው ነኝ። ዘመድኩን ግን ውሳኔው እስኪነበብ ድረስ ዕርቁ ክፍት ነው ብሎኛል። ትምህርቱም ሕይወቱም የአንቺ ነው። ከፈለግሽ ውክልናውን ሻሪና በገዛ እጅሽ ፈርሚ። አልቀየምም ብዬ አልዋሽሽም፤ እቀየማለሁ፣ ራትሽንም አቀርባለሁ።

በእኔ ከተቆጣሽ ደግሞ ከአዳማ ሆነሽ አትቆጪ። ነይና ፊት ለፊቴ ቆመሽ ተቆጪኝ። እስክትጨርሺ አላቋርጥሽም፤ ቶሎም አትጨርሺ።

አያትሽ ዘርፈሽዋል
ቡታጅራ