የአንበሳው አፍንጫ

ሰኞ
ዛሬም ወደቀ! ግንበኛው ኦቦ ዲንሳ ትናንት የለጠፈው አፍንጫ ሳር ላይ ተኝቶ አገኘሁት። ይሄን የድንጋይ አንበሳ ነፍሱን ይማረውና ባሌ ነው የጠረበው፣ ከጎጃም ነቀምቴ ለዚሁ ሥራ መጥቶ። እኔ ወጥ ቤት በምሠራበት በድሮው ባላባት ግቢ፣ አትክልቱ መሀል። ዝናቡ ፊቱን በላው። የግቢው አዛዥ ግራዝማች ምን አሉኝ? «እሁድ ከአዲስ አበባ እንግዳ አለብን። እስከ ቅዳሜ ፊት ካላወጣ ተፈልጦ ለመንገድ ጠጠር ይሆናል።» ጠጠር! የባሌ እጅ!

ማክሰኞ
«አካም ቡልተኒ አዴ?» ይለኛል ኦቦ ዲንሳ፣ ደህና አደሩ እናቴ ማለቱ ነው። ምን ደህና ማደር አለ፣ አንበሳው ያለአፍንጫ አድሮ! ከአርጆ ድረስ ያስመጣነው ለሰላምታ ነው እንዴ? ኖራና አሸዋ ለወሰ፣ ለጠፈ። ከሰዓት ዱብ።
«ኖራህ ቀጥኗል» አልኩት።
«አዴ፣ እርስዎ ወጥዎን ይሥሩ።»
የሱ ወጥማ እንጀራ ላይም አይይዝ!

ረቡዕ
ደግሞ ወደቀ። እኔም ደግሜ ሰደብኩት። እሱ የአንበሳውን ፊት በመሮ ፋቅ ፋቅ አርጎ አሸተተው።
«ይሄ ድንጋይ ቅቤ ቅቤ ይላል። ማነው የሚቀባው? ቅባት ላይ ኖራ አይይዝም።»
እኔ ጎመኑን ማየት ጀመርኩ። ባሌ ከሞተ ወዲህ በየበዓሉ ራሴን ስቀባ ለአንበሳውም ግንባሩን፣ አፍንጫውን እቀባው ነበር። ፀሐይ እንዳይሰነጥቀው ብዬ! ለጋ ቅቤ እኮ ነው።

ሐሙስ
ዝም ብል ጠጠር ሊሆን ነው። «እኔ ነኝ» አልኩት። መሮውን ጥሎ መሬት ቁጭ ብሎ ሳቀ።
«ሶስት ቀን የሰደቡኝ ለራስዎ ቅቤ ነው?»
«አዎ። ተነስ አሁን!»
አመድ፣ እንዶድ፣ የፈላ ውሃ። እስኪመሽ ፈተግነው። አንበሳው አረፋ ለብሶ በግ መሰለ። ወገቤ ወገቤ!

ዓርብ
ድንጋዩ ሲደርቅ አፍንጫውን ለጠፈው። እኔን ግን «አዴ ካሉ ሥራ አይወጣልኝም» ብሎ አባረረኝ። እውነቱን ነው መሰለኝ። አጥር ጥግ ሆኜ አየሁ።

ቅዳሜ
ይዟል! ሶስቴ ሄጄ አየሁት፣ ይዟል። ግን አፍንጫው ነጭ ሆነ፣ ሌላው ፊቱ ጥቁር። ግራዝማች መጡ፣ ዞሩት።
«ዱቄት የላሰ ውሻ ነው የሚመስለው» አሉ።
«ለጊዜው ይቆይ» ብለው ሄዱ።
ለጊዜው እስከ መቼ ነው? አፌ ላይ መጥቶ ነበር። ዋጥኩት።