የባሮ ሽንኩርቱ ሰውዬ

አልስት፣ ቤልጂየም፣ ፌብሩዋሪ 24 ቀን 1998

ለምወድህ ልጄ ለዮሪስ፣

የአውስትራሊያ ሙቀት እንዴት አድርጎሃል? እኔ ከጉልበቴ በቀር ደህና ነኝ። አባትህ ግን ሐኪሞች ጉሮሮውን ቀደው ድምፁ ከጠፋ ወዲህ፣ አራት ወር ሙሉ ከቤት አልወጣም ነበር። የሚፈልገውን በትንሽ ሰሌዳ ላይ ይጽፍልኛል። አንድ ቀን «ማን ያስታውሰኛል?» ብሎ ጻፈ። ቅዳሜ ቅዳሜ በቴሌቪዥን ባሮ ሽንኩርት ይዞ አሥር ደቂቃ ስለ አትክልት ያወራ የነበረ ሰው፣ ከተሰናበተ በዘጠኝ ዓመቱ፣ ማን ያስታውሰዋል? አንተ «የባሮ ሽንኩርት ልጅ» እየተባልክ ከትምህርት ቤት እያለቀስክ ትመጣ የነበረውን ግን አልረሳሁም። እንደተቀየምከው መሄድህንም አውቃለሁ።

እሑድ የካርኒቫሉ የቀልድ ሰልፍ በደጃችን አለፈ። የከተማችንን ሰው አመል ታውቀዋለህ፤ የሚቀልድበትን ሰው አያስፈቅድም፣ የረሳውን ሰው ደግሞ አይቀልድበትም። በመስኮት ሳይ ቤት የሚያክል፣ ከወረቀት የተሠራ የአባትህ ራስ በትራክተር እየተጎተተ መጣ። ያው አፍንጫ፣ ያው ቅንድብ። አንገቱ ላይ፣ ልክ የቀዶ ጥገናው ቀዳዳ ላይ፣ የውሃ ቧንቧ ሰክተውበት ትኩስ የባሮ ሾርባ እየቀዱ ለሰው ያድላሉ። ደሜ ፈላ። አፌ እንዳመጣልኝ ልሳደብ መስኮቱን ስከፍት፣ አባትህ በቤት ጫማው ደጅ ወጥቶ ቆሟል። ትከሻው ይንቀጠቀጣል። የሚያለቅስ መስሎኝ ነበር፣ ለካ እየሳቀ ነው።

ሥጋ ሻጩ ኦዲሎን፣ እሱም ባሮ መስሎ ለብሶ፣ ከትራክተሩ ወረደና «ዊልፍሪድ፣ አንተ ሽማግሌ፣ መዝጊያህን ዛሬ እኛ እንበልልህ» አለው። ዝግጅቱን ሲጨርስ ሁልጊዜ የሚላትን ማለቱ ነው። ከዚያ መንገዱን የሞላው ሕዝብ፣ ሲያቋርጥ ያልተወለዱት ሕፃናት ሳይቀሩ፣ በአንድ አፍ «እጃችሁን ታጠቡ፣ ሾርባው ደርሷል» አለ። መስታወቱ ነዘረ። እኔ እኮ «ይቺን አባባል ብትተዋት» እያልኩ ስነዘንዘው የኖርኩ ነኝ። አርባ ዓመት አብሬው በልቼ፣ ከማን ጋር እንደምኖር ገና እሑድ አወቅሁ። እስካሁን እጄን አፌ ላይ ጭኜ ነው ያለሁት።

ቤት ሲገባ የጻፈው ግን ስለ ሕዝቡ አልነበረም። «ዮሪስ ይህን ይሰማ ይሆን?» ነው ያለው። እኔም «ሰምቷል፤ ለፋሲካ እመጣለሁ ብሎ ደውሏል» አልኩት። ከዚያ ወዲህ በየማለዳው ጢሙን ይላጫል፣ ያንተንም ክፍል ቀለም መቀባት ጀምሯል።

ስትዋሺ ኖርሽ አትበለኝ፣ የመጀመሪያዬ ነው። ደግሞ ዶክተሩ ከፋሲካ በኋላ ያለውን ቀጠሮ አልሰጠንም፤ ዓይኔን ሳያይ አያስፈልግም አለን።

አምላክ መንገድህን ያቅናልህ፣ በሰላም ያግባህ።

እናትህ ክሪስታ