ማርስ በትንሣኤ ዋዜማ

ለምወድህና ለምትናፍቀኝ ወንድሜ ለፋይት፤

ከሁሉ አስቀድሜ ጤናህን እጠይቃለሁ። እንዴት ከረምክ? ኡርሱላስ ከአራስ ቤት በደህና ወጣች? ትንሿ ሬጊና ጡት በደንብ ትጠባለች? የሆድ ቁርጠቱ ለቀቃት? ያ የወገብ ሕመምህስ ተሻለህ ወይስ ዛሬም ጠረጴዛህ ላይ ጎብጠህ ነው የምትውለው? እኔና አባባ፣ እግዚአብሔር ይመስገን፣ ደህና ነን። ደህና ነን ያልኩት ደብዳቤ እንዲህ ስለሚጀመር ነው እንጂ፣ እውነቱን ልንገርህና ከትናንት ጀምሮ መቀመጫ አጥቻለሁ። ይህችን ታህል እስክጽፍ ሦስት ጊዜ ተነሥቻለሁ፤ የአጃው ገንፎም አርሯል።

ነገሩ እንዲህ ነው። አባባ ለሬጊና ክርስትና እናንተ ዘንድ መጥተው ሳሉ፣ አንተ በሠራህላቸው የናስ መለኪያ ከቤታችሁ ጣራ ላይ ሆነው የማርስን ቦታ መለካታቸውን ታስታውሳለህ። ማርስ ያን ሰሞን የኋልዮሽ ጉዞዋን ጨርሳ ወደ ፊት ልትዞር ቀጥ ያለችበት ጊዜ ነበርና እንዲያልፋቸው አልፈለጉም። ወረቀቱ ራስ ላይ “ኤፕሪል 24” ብለው ጽፈዋል። እንደ ልማዳችን እሳቸው ይለካሉ፣ እኔ ደግሞ የፕላኔቶችን ጉዞ ከያዘው ሰንጠረዥ አስልቼ ሁለቱን አስተያያለሁ። አሰላሁ፣ አልገጠመም። የጨረቃን ወርድ ሩብ ያህል ዝንፍ ብሏል። ደግሜ አሰላሁ፣ ሠለስኩት፤ ያው ነው። መቼም ታውቀኛለህ፣ የእኔ ስሌት ልክ ከሆነ የቀረው ዓለም ሁሉ ተሳስቷል። እናም የላቲን ትምህርት ቤቱ መምህር ሂሮኒሙስ ለእራት ተጋብዞ በተቀመጠበት “አባባ፣ ስሌቱ ደህና ነው፤ የደከመው ዓይንዎ ነው” አልኳቸው። በሰው ፊት። ምነው ያን ጊዜ ምላሴን በቆረጠው ኖሮ።

አባባ አልተቆጡም፤ ቢቆጡ ይሻለኝ ነበር። ሾርባቸውን ጨርሰው፣ ልክ ነሽ፣ ዓይኔ ነው አሉ። በማግስቱ ያንተን መለኪያ ሣጥን ውስጥ ከተው ቆለፉበት። ይኸው ሦስት ሳምንት፣ ወደ ግንቡ አልወጡም። ሠላሳ ዓመት ሰማይ የለኩበትን የግንብ ክፍል ቁልፍ ለመምህር ሂሮኒሙስ ሊያስረክቡ ለፊታችን እሑድ፣ ለጰራቅሊጦስ ቀጥረውታል። ሰውየው ከአሁኑ መንገድ ላይ ባገኘኝ ቁጥር እጁን እያሻሸ፣ እንግዲህ ስሌቱን ለእኔ ትሠሪያለሽ ይለኛል። ደሜ ይፈላል።

ትናንት ደብዳቤህ ደረሰኝ። ሬጊና የተጠመቀችው በትንሣኤ ዕለት፣ ኤፕሪል 25 ነው፣ በእናታችን የጸሎት መጽሐፍ ላይ ጻፊልን ብለሃል። ሳቅሁብህ። ልጅ ቢወልድ ቀኑ ጠፋበት አልኩ፤ ትንሣኤ እኮ ኤፕሪል 15 ነበር። ብዕር አንሥቼ ላርምህ ስል እጄ ቀጥ አለ። እናንተ አውግስቡርጎች በጳጳሱ አዲስ አቆጣጠር ስለምትሄዱ፣ በአሮጌው ከምንቆጥር ከእኛ ከኡልሞች በአሥር ቀን ትቀድማላችሁ። አባባ የለኩት ደግሞ በክርስትናው ዋዜማ ነው። የጻፉት 24 የእናንተ 24 ነው፤ በእኛ ገና 14 ነበር። እኔ ግን አሥር ቀን አሳልፌ ማርስን ከሌለችበት ስፈልጋት ከረምኩ። በሌላ ጊዜ ቢሆን ስህተቱ ገና ሲታይ ያስደነግጥ ነበር፤ ያን ሰሞን ግን ከቦታዋ እምብዛም ስላልተነቃነቀች በጥቂቱ ብቻ አሳስታ አሞኘችኝ። በ14 አሰላሁት። ፋይት፣ ልክክ አለ። የአባባ ዓይን የፀጉር ያህል እንኳ አልሳተም።

ታዲያ ለምን ሮጠሽ አልነገርሻቸውም ትለኝ ይሆናል። አንደኛ፣ አዝኜላቸው የፈጠርኩት እንዳይመስላቸው ፈራሁ። ሁለተኛውን ካንተ አልደብቅም፤ ተሳስቻለሁ ማለት አፌ አልለመደም። ብዕር ያነሣሁትም አንተ እንድትጽፍላቸው ልለምንህ ነበር። እዚህ ስደርስ ግን ቀኑን ቆጠርኩ፤ ይህ ደብዳቤ እጅህ ሲገባ እሑድ አልፏል፣ ቁልፉም ሄዷል። ቆየኝ፣ ወደ ታች ልውረድ።

ተመለስኩ። አባባ ምድጃው አጠገብ ተቀምጠው አገኘኋቸው። ወረቀቱንና ያንተን ደብዳቤ ጉልበታቸው ላይ አኖርኩና ስህተቱ የእኔ ነው አልኳቸው። ሁለቱን ቀኖች ደጋግመው አዩ። ደስ ይላቸዋል ብዬ ስጠብቅ ፊታቸውን በእጃቸው ሸፈኑ። ዓይናቸው ደህና መሆኑን ያውቁ እንደሆነ ጠየቅኳቸው። አሳምረው ያውቁ ኖሯል። ታዲያ ለምን ዝም አሉ ብላቸው፣

“ዓይኔ ካልሆነ የፋይት እጅ ነው ማለት ነዋ” አሉኝ። “ልጄ መለኪያው ላይ መስመር አጣመመ ከሚባል፣ እኔ ታወርኩ ይባል አልኩ።”

ሣጥኑን የቆለፉትም መምህር ሂሮኒሙስ ሥራህን አይቶ እንዳይተችህ ኖሯል። ሦስት ሳምንት ሙሉ ስምህን ሳያነሡ ስምህን ሲጠብቁ ነበር፤ እኔ ደግሞ ያኮረፉኝ መስሎኝ ነበር። አለቀስኩ፣ ምን እደብቅሃለሁ። አሁን ይህን ስጽፍልህ ሣጥኑን ከፍተው መለኪያህን በጨርቅ ይወለውላሉ። መምህር ሂሮኒሙስ እሑድ መጥቶ ይብላ፤ ቁልፍ ግን የለም።

ኡርሱላን በእኔ ስም እቀፍልኝ። እናቷን ስለ ክርስትናው መስተንግዶ አመስግንልኝ፣ አባባ እስካሁን ያወሩላታል። አብሮህ የሚሠራውን ማቴስን ሰላም በልልኝ። ሬጊናን ሁለቱንም ዓይኖቿን ሳምልኝ። አባባም “መስመሮቹ ቀጥ ያሉ ናቸው በይው” ብለውሃል።

እህትህ ዛቢና

ኡልም፣ ዓርብ፣ በእኛ ጁን 1፣ በእናንተ ጁን 11 ቀን 1666