ዱጋልድ ማክላርቲ ቦታውን የለቀቀ ጊዜ

ቅዳሜ፣ ኦክቶበር 5፣ 1889
እኩለ ቀን ላይ ከጨርቅ ማቅለሚያ ቤቱ ወጣን። እጄ እስከ ክርኔ ቀይ ነው፣ ቢያሹት አይለቅ። የሁለተኛው ቡድናችን ሜዳ ውሃ ስለያዘ ጨዋታችን ተሰርዞ ዋናውን ቡድን ቆሜ አየሁ። መንደራችን ኪልብራን ሁለት፣ ኢንችሪ ሁለት። አምበላችንና ተከላካያችን ዱጋልድ ማክላርቲ፣ በኪልብራን ማሊያ አሥራ ሦስተኛ ዓመቱ... ኳሷ ውሃ ጠጥታ ድንጋይ ሆናለች፤ እሱ በግንባሩ ይመልሳታል። ከወንዙ ማዶ የመጡት የኢንችሪ ሰዎች «ሽማግሌው፣ ከዘራህን የት ጣልካት?» አሉት። «አጥቂያችሁ ተደግፏታል» አለ። ራሳቸው ሳቁ።

ሐሙስ፣ ኦክቶበር 17
የቡድኑ ኮሚቴ ጠራኝ። ከከተማው ቡድን ጋር ላለብን የዋንጫ ጨዋታ በዱጋልድ ቦታ የምሰለፈው እኔ ነኝ። ጉልበቱ ደክሟል አሉ። እውነት ነው። ግን... አምና እንግሊዞች ለክለባቸው ሊወስዱት ሲመጡ «እዚያ ብሳሳት የሚሰድበኝ ሰው ስሜን እንኳ አያውቅም» ብሎ የመለሳቸውን ሰው? ማን ይነግረዋል?

ዓርብ፣ ኦክቶበር 18
ሰምቷል። ቀለም ገንዳው ድረስ መጣ። ቀና ማለት አቃተኝ።
«ሮቢ፣ ጫማዬን ነው የምታየው?»
«ጋሼ፣ እኔ አልጠየቅኳቸውም...»
«አውቃለሁ። ስማ፣ የከተሜዎቹ ቀኝ አጥቂ ሁልጊዜ ወደ ግራው ነው የሚታጠፈው። አትቸኩልበት። ጠብቀው።»
ይህን ብሎ ሄደ። ድምፁ ግን ሻክሮ ነበር።

ማክሰኞ፣ ኦክቶበር 22
ኢንችሪዎች ቤቱ ሄደው «እኛ ጋ አምበል ሁን» ብለውታል። ባለቤቱ አይሰቤል ናት እህቴን ያጫወተቻት። ሻይ አጠጥቶ፣ «ቤቴ ጠበበኝ ብዬ የጎረቤት አልጋ ላይ ልተኛ?» ብሎ ሸኛቸው። ለእኛው ሁለተኛ ቡድን ሊጫወት ነው። እኔ ብሆን... እንጃ።

ቅዳሜ፣ ኖቬምበር 2
አንድ ለባዶ አሸነፍን። አጥቂው ወደ ግራው ታጠፈ... ጠበቅኩት፣ ነጠቅኩት። ሰው በትከሻው ተሸከመኝ። ዱጋልድ አልነበረም። ሌላ መንደር ለሁለተኛው ቡድናችን ተሰልፎ ስድስት ለአንድ ተሸንፎ በእግሩ ሲመለስ ድልድዩ ላይ አገኘሁት። ፊቱ ጭቃ ብቻ።
«ታጠፈ?»
«ታጠፈ።»
«ጥሩ።»
አለፈኝ። ትንሽ ራቅ ሲል ሲያፏጭ ሰማሁት።

ቅዳሜ፣ ማርች 15፣ 1890
ከገና ወዲህ አምበሉ እኔ ነኝ። ዛሬ የጎኔ ተከላካይ ታሞ ዱጋልድን አስጠራነው። መልበሻው ውስጥ ሁሉም እኔንና በሩን ያያል። እኔ አፍሬያለሁ። እሱን ምን ብዬ ላዝዘው? መንገድ ሙሉ ሳስብ ነበር የመጣሁት። ቀደመኝ። ማሊያውን አጥልቆ መጥቶ፣ በዚያ ሁሉ ሰው መሃል ፊቴ ቆመ።
«አምበል፣ የት ልቁም?»
የቀለደ መስሎኝ ነበር። አልቀለደም።
«ከጎኔ» አልኩት።