ያልሠራሁት ማንዱ

ውድ ሲሀም፣

ስልኬን እንደማታነሺ ከገባኝ ቆየ። ሚኔሶታ ወንድምሽ ጋ እንደገባሽ የነገረችኝ እዚህ ፌርፋክስ መንገድ ላይ ሱቅ ያላት ዘቢደር ናት፤ አድራሻሽንም ለምኜ የወሰድኩት ከእሷ ነው። ሳታነቢ ቀደሽ ብትጥዪው አልፈርድብሽም። ግን ሚስተር ቾ ሞተዋል። ይህን ከሌላ ሰው ከምትሰሚው ከእኔ ብትሰሚው ይሻላል ብዬ ነው።

ጠዋት ጠዋት አንቺ ድራይቭ እያደረግሽ ወደ ፒኮ ሮበርትሰን ሰፈር ስንሄድ፣ አንቺ ሚስስ ሃሊናን፣ እኔ ባላቸውን ሚስተር ቾን ለመንከባከብ ነበር። እሳቸው የፖላንድ ሰው፣ ባላቸው ኮሪያዊ። የእሳቸውን አገር ድንችና አይብ፣ የባላቸውን አገር ኪምቺ፣ ያንን በበርበሬ የኮመጠጠ ጎመን፣ በአንድ ሊጥ ጠቅልለው ይቀቅሉት ነበር። እሳቸው ፒየሮጊ፣ ባላቸው ማንዱ ይሉታል፤ እኛ ማንዱ ማለቱ ቀለለን። የሚስስ ሃሊና እጅ መንቀጥቀጥ ሲጀምር ዊልቸራቸውን ወደ ኩሽና አስጠጋሽ። እሳቸው ይናገራሉ፣ አንቺ ትሠሪያለሽ። የአሳማ ሥጋ እንደማትነኪ ስትነግሪያቸው ስቀው በእንጉዳይ ለወጡልሽ። ሚስተር ቾ ሥጋው የት ሄደ ብለው አንድ ቀን እንኳ አልጠየቁም።

እኔ በር ላይ ቆሜ አይ ነበር፤ ሁዳዴ ስለነበር ግን አልቀመስኩም። "ከፋሲካ በኋላ" አልኩሽ። ሚስስ ሃሊና ለፋሲካ አልደረሱም።

ከቀብሩ በኋላ በሦስተኛው ቀን፣ አንቺ መኝታ ቤት ልብሳቸውን ስታጣጥፊ፣ ልጃቸው ሊንዳ ሳሎን ጠራችኝ። ከእንግዲህ ለአባቷ አንድ ሰው እንደሚበቃ ነገረችኝ።

"አባቴ ከዚያ ማንዱ ሌላ የሚበላው ነገር የለም። የምትሠራው ከሁለታችሁ ማን ናት?" አለችኝ።

"እኔ ነኝ" አልኳት።

ሳላስብ ያመለጠኝ አይደለም፤ አስቤ ነው የተናገርኩት። ሰዓቴ ከተቀነሰ ኢንሹራንሴ ይቋረጣል፣ የስኳሬን ነገር ታውቂያለሽ። አንቺም ግን እናት እንዳለሽ፣ መድኃኒቷም በአንቺ እጅ እንደሆነ አውቅ ነበር። እያወቅኩ ነው።

የቀጠረን ኤጀንሲ ሲያሰናብትሽ መኪና ውስጥ ያልሺኝ እስከ ዛሬ ጆሮዬ ላይ አለ። "ኦኬ ታዱ፣ ቢያንስ አንቺ ቀረሽላቸው። እሑድ ነይና ሊጡን ላሳይሽ።" አያስፈልግም፣ ሳይሽ ነበር አልኩሽ። ልማር ብመጣ ዓይኔን አይተሽ የምትነቂብኝ መሰለኝ። ከሁለት ሳምንት በኋላ ኤጀንሲው ቤተሰቡ የመረጠው ምግብ የምትሠራዋን ነው ሲልሽ፣ ነገሩ ሁሉ ገባሽ። ከዚያን ቀን ወዲህ ድምፅሽን አልሰማሁም።

የመጀመሪያው ማንዱዬ ውሃው ውስጥ ተከፈተ። ድንቹ ወጥቶ ድስቱ ሾርባ ሆነ። ኪምቺውን መጭመቅ እንዳለብኝ እንኳ አላወቅኩም። ቪዲዮ እያየሁ፣ እየደፋሁ፣ እንደገና እያቦካሁ በሁለተኛው ሳምንት ሳይፈነዳ ወጣልኝ። ሚስተር ቾ አንዱን ገመጡና ሹካቸውን አስቀመጡ።

"ያቺ ልጅ የለችም?" አሉኝ።

"ዛሬ አትገባም" አልኳቸው።

በማግስቱም ጠየቁኝ፤ ያንኑ መለስኩላቸው። ስንት ቀን እንደዚያ እንዳልኳቸው አላውቅም። አንድ ቀን መጠየቁን ተዉት። ከዚያ መብላቱንም ተዉት። ትንሽ ሾርባ፣ ትንሽ ወተት፣ በቃ። ክረምቱ ሲገባ ሸሚዛቸው ትከሻቸው ላይ የተሰቀለ ይመስል ነበር። ባዝሩም ውስጥ ወደቁ፤ ሊንዳም ነርሲንግ ሆም፣ የአረጋውያን መጦሪያ፣ ፈለገችላቸው።

የሚሄዱ ዕለት ሻንጣቸውን መኪና ላይ ስትጭን እውነቱን ነገርኳት። ማንዱውን የምትሠራው ሲሀም ነበረች፣ እሷ እስክትሄድ ድረስ እኔ አንድም ቀን ሠርቼ አላውቅም ነበር አልኳት። የሻንጣውን እጀታ እንደያዘች ቆመች።

"ማርች ላይ ብትነግሪኝ ኖሮ" አለች፤ አልጨረሰችውም።

ስልክ ቁጥሯ እኔ ጋ አለ፣ ልስጥሽ አልኳት።

"አሁን ምን ያደርግልኛል?"

ቢሆንም ቁጥሩን ጮክ ብዬ አነበብኩላት። አልጻፈችውም። ሚስተር ቾ የፊት ወንበር ላይ ቀበቷቸውን አስረው ወደ ፊት እያዩ ነበር፤ ይስሙን አይስሙን አላውቅም። ነርሲንግ ሆሙ ስሄድ የቤተሰብ ዝርዝር ላይ ስሜ ስለሌለ አላስገቡኝም። ማክሰኞ ዕለት ሊንዳ ማረፋቸውን በአንድ መስመር ቴክስት ላከችልኝ። ቀብሩ የት እንደሆነ አልጻፈችም፤ እኔም አልጠየቅኩም።

ይቅር በዪኝ አልልሽም። ብትጽፊልኝ ምን ብዬ እንደምከፍተው አላውቅም፤ ከእንግዲህም በስልክ አላስቸግርሽም። አንድ ነገር ብቻ ቃል እገባልሻለሁ። ያንን ማንዱ ማን ይሠራ ነበር ብሎ የሚጠይቀኝ ሰው ካለ፣ ስምሽን እናገራለሁ። ግን ሲሀምዬ፣ የሚጠይቅ ሰው አልቀረም።

ታደለች