መርከቡ መጥቶ እስኪመለስ

ሰኞ

ውጣ አለኝ። እኔን! የአባቱን ሬሳ የተሸከምኩትን! ግርማ ይባላል፤ የተከራየሁት ሱቅ ባለቤት የነበረው የሟቹ ልጅ ነው፣ ከጎሬ መጥቶ። ሱቁን ጠጅ ቤት ሊያደርገው። ጨርቅና ጨው የሸጥኩበትን፣ ሚስቴ ዘይነባ ከጓዳው የሞተችበትን። «አባባ ይማም፣ እርስዎም ይረፉ፣ አገርዎ ወሎ ይግቡ» አለኝ። ወሎ ማን አለኝ? የማውቃቸው ሁሉ አፈር ገብተዋል። ከስሶኛል። ቀጠሮው ረቡዕ ነው።

ይህን የሚጽፍልኝ የሚስዮኑ ድሬሰር፣ ቁስል አጣቢው ኦጁሉ ነው። እኔ ፊደል አልቆጠርኩም፤ አላፍርበትም። ኦጁሉ አኙዋክ ነው፣ አማርኛው «አንቱ» የለውም። «አንተ ቀስ በል፣ እጄ አንድ ነው» ይለኛል። ከግርማ «እርስዎ» የኦጁሉ «አንተ» ይሻለኛል።

ማክሰኞ

ውሉን አስነበብኩ። ከሟቹ ጋር በዓመተ ምሕረት አልተዋዋልንም። ባሮ ሲሞላ መርከቡ ከካርቱም ይመጣል፣ ቡናውን ጭኖ ይመለሳል፣ እኛም አዲስ ወረቀት እናጽፋለን፤ አውራ ጣቴን እጭናለሁ። የመጨረሻው ወረቀት «የሚቀጥለው መርከብ መጥቶ እስኪመለስ» ይላል። ከዚያ ሱዳን ተበጠበጠ። መርከቡ ቀረ። ሰውየውም ሞተ።

ሦስቴ አስነበብኩት። ኦጁሉ «አባ ይማም፣ ወረቀቷ አትለወጥም» ብሎ ሳቀብኝ።

ለነገ፦ ጥምጣሜን ማጠብ። ምርኩዜን መፈለግ። አለመቆጣት።

ረቡዕ

ተቆጣሁ። ግርማ «መርከቡ ከቀረ ውሉም አብሮ አልቋል፣ ጌታዬ» ብሎ ሲናገር ብድግ አልኩ። «ጃንሆይ ይሙት! መጥቶ እስኪመለስ ይላል እንጂ እስኪቀር አይልም!» ችሎቱ ሳቀ። ዳኛው አልሳቁም። የጉምሩኩን ዘበኛ አስጠርተው መርከቡ አይመጣም የሚል ትእዛዝ ደርሷችኋል ወይ አሉት። አልደረሰንም አለ። እንዲያውም ክረምት በገባ ቁጥር ወደቡን እንጠርጋለን አለ። ለምን ቢሉት፣ «ቢመጣስ ብለን።»

ውሳኔው ዓርብ።

ሐሙስ

ሱቄ ማንም አልገባም። አንዲት ፍየል ገባች። አነጋገርኳት።

ዓርብ

ረታሁ! መርከቡ መጥቶ እስኪመለስ ከሱቁ አይለቁም ተብሎ ተነበበ። አውራ ጣቴን ጫንኩ። ጣቴን ሳልጠርግ ወደ ቤት ገሰገስኩ፤ የምነግረው ሰው ያለ ይመስል። ደጃፉን ከፍቼ ቆምኩ። ከዚያ ጓዳ ገብቼ ለዘይነባ አልጋ ነገርኩት።

ቅዳሜ

ባሮ ከአፍ እስከ ገደፉ ሞልቷል። መርከቡ ከመጣ መውጣቴ ነው፤ እንዳይመጣ ዱዓ ማድረግ ነበረብኝ። አላደረግኩም። የአስርን ሶላት ሰግጄ ስወጣ ከወንዙ ታች እንደ ፉጨት ያለ ነገር ሰማሁ። ምርኩዜን ትቼ ወደ ወደቡ ወረድኩ። ግርማ ቀድሞኝ ቆሟል።

«መጣ እንዴ አባባ?»

«አልመጣም።»

«እኔስ እሺ፤ እርስዎን ምን አስሮጠዎት?»

ጎን ለጎን ቆመን ውሃውን አየን። ያ ሁሉ ውሃ፣ ባዶውን። እስኪመሽ ቆየን። ሊሄድ ሲል ዞር ብሎ ነገም ይመጣሉ ወይ አለኝ።

እመጣለሁ አልኩት።